ተሽከርካሪው የካውንቲ እስር ቤት፦ ስለ ታሪኩና ስለ አሠራሩ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ፣ በተለይ በአሜሪካ መካከለኛው ምዕራብ ግዛቶች፣ የእስረኞቹ ክፍሎች እንዳሉ የሚሽከረከሩባቸው እስር ቤቶች ይሠሩ ነበር። የመጀመሪያው በኢንዲያና ግዛት፣ በክሮፎርድስቪል ከተማ የተሠራው የሞንትጎመሪ ካውንቲ እስር ቤት ነው። ዛሬም ቆሟል፤ ሙዚየም ሆኗል። ከዚህ በታች ጎብኚዎችና የሕንፃ ታሪክ ተማሪዎች አዘውትረው ለሚያነሷቸው ጥያቄዎች መልስ ተሰጥቷል። ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የካውንቲ እስር ቤት ከሌላው እስር ቤት በምን ይለያል?

የአሜሪካ ግዛቶች በካውንቲ ይከፋፈላሉ፤ በአብዛኞቹ ካውንቲዎች እስር ቤቱን የሚያስተዳድረው በሕዝብ የተመረጠ ሸሪፍ፣ ማለትም የካውንቲው የሕግ አስከባሪ ኃላፊ፣ ነው። እዚያ የሚቆየው ክሱ በመታየት ላይ ያለ ተከሳሽ፣ ወይም አጭር ጊዜ፣ አብዛኛውን ጊዜ ከአንድ ዓመት ያልበለጠ እስራት የተፈረደበት ሰው ነው። ረጅም ፍርድ ያለበት ወደ ግዛቱ ወህኒ ቤት ይተላለፋል።

ይህ ልዩነት ሕንፃውን ለመረዳት ወሳኝ ነው። የካውንቲ እስር ቤት ትንሽ ነው፤ ከፍርድ ቤቱ ብዙ አይርቅም፤ የጠባቂዎቹም ቁጥር አነስተኛ ነው። ከሁሉም በላይ ሰው በየቀኑ ይገባበታል፣ ይወጣበታል። አንዱ ትናንት ሰክሮ ተይዞ ዛሬ ይለቀቃል፤ ሌላው ለቀጠሮ ወደ ችሎት ይወሰዳል። በሩ ከየትኛውም ዓይነት እስር ቤት ይበልጥ የሚከፈተው እዚህ ነው። የተሽከርካሪው እስር ቤት ችግሮች ብዙዎቹ የመነጩት ከዚህ ነው።

ሐሳቡ የማን ነው? ለምንስ አስፈለገ?

ሐሳቡ የዊልያም ብራውንና የቤንጃሚን ሃው ነው፤ ሁለቱም የኢንዲያናፖሊስ ሰዎች ናቸው። የፈጠራ መብቱን ያገኙት ሐምሌ 12 ቀን 1881 ሲሆን የፓተንቱ ቁጥር 244,358 ነው። ሃው የብረታ ብረት ፋብሪካ ባለድርሻ ነበር፤ ሃው፣ ኬቸም እና ኩባንያው የተባለው ይህ ፋብሪካ የክሮፎርድስቪሉን የብረት ሥራ ሠርቷል። በኢንዲያናፖሊስ ሃውቪል የሚባለው ሰፈር ስሙን ያገኘው ከዚሁ ቤተሰብ ነው።

በዘመኑ የነበረው የተለመደ እስር ቤት አንድ ኮሪደርና በኮሪደሩ ዳር የተደረደሩ ክፍሎች ነበሩት። እያንዳንዱ ክፍል የራሱ በርና የራሱ ቁልፍ አለው። ስምንት ክፍል ካለ ስምንት ቁልፍ፣ ስምንት ማጠፊያ፣ ስምንት ሊሰበር የሚችል ቦታ አለ ማለት ነው። ሸሪፉ ወይም ረዳቱ ምግብ ለማድረስ፣ ባልዲ ለማስወጣት፣ እስረኛ ለመጥራት ብቻውን ወደ ኮሪደሩ መግባት አለበት። ጥቃት የሚደርስበትና እስረኛ የሚያመልጠው በዚያች ቅጽበት ነው። ብራውንና ሃው ያሰቡት ጠባቂው ከእስረኞቹ ጋር ጨርሶ ሳይነካካ የሚቆጣጠርበትን ቤት ነው። የመረጡት መንገድ በሮቹን ማጠናከር አልነበረም፤ በየፎቁ አንድ ብቻ አስቀርተው ሌሎቹን ማጥፋት ነበር።

ሕንፃው ከውጭ ሲታይ ምን ይመስላል?

የክሮፎርድስቪሉ ግንባታ የተካሄደው በ1881 እና በ1882 ነው። ከመንገድ ሲታይ የሚጠበቀው እስር ቤት አይታይም፤ የሚታየው የደህና ሰው መኖሪያ የሚመስል የጡብ ቤት ነው። ሸሪፉና ቤተሰቡ ይኖሩ የነበረው በዚህ በፊተኛው ክፍል ሲሆን እስር ቤቱ ከኋላ ተያይዟል። ይህ አሠራር በዘመኑ በብዙ ካውንቲዎች የተለመደ ነበር። ለካውንቲው ወጪ ይቆጥባል፤ ሸሪፉ ሌሊትም ከእስረኞቹ አይርቅም። የእስረኞቹን ምግብ ማብሰል ብዙ ጊዜ በሸሪፉ ሚስት ላይ የሚወድቅ ሥራ ነበር። የመኖሪያውን ክፍል ለብቻው እንደ ጌጥ አይቶ ማለፍ ስህተት ነው፤ ወጥ ቤቱ፣ ቢሮውና ወደ ኋላ የሚወስደው በር የእስር ቤቱ አሠራር አካል ናቸው።

የሚዞረው ምኑ ነው? እንዴትስ ይዞራል?

ሕንፃው አይዞርም። ግድግዳው፣ ጣሪያው፣ መስኮቶቹ እንደማንኛውም ቤት የቆሙ ናቸው። የሚዞረው ውስጥ ያለው የብረት ሲሊንደር ነው። ከውጭ ወደ ውስጥ እንሂድ።

መጀመሪያ የጡቡ ግድግዳና መስኮቶቹ አሉ። ከግድግዳው ቀጥሎ ጠባቂው የሚመላለስበት መተላለፊያ አለ። ከመተላለፊያው ቀጥሎ ከወለል እስከ ጣሪያ የሚደርስ ክብ የብረት ፍርግርግ ይመጣል። ይህ ፍርግርግ አይነቃነቅም፤ በእያንዳንዱ ፎቅ አንድ መክፈቻ ብቻ አለው። ከፍርግርጉ ውስጥ፣ በጣም ተጠግቶ፣ ተሽከርካሪው ሲሊንደር አለ። ሲሊንደሩ በብረት ላሜራ ተከፋፍሎ፣ እያንዳንዱ ክፍል እንደ ተቆረሰ ድፎ ዳቦ ወደ መሃል እየጠበበ ይሄዳል። በክሮፎርድስቪል በአንድ ፎቅ 8፣ በሁለት ፎቅ 16 ክፍሎች አሉ።

ክፍሎቹ የራሳቸው በር አልነበራቸውም። ወደ ውጭ የሚያየው ሰፊው ጎናቸው ክፍት ነው፤ የሚዘጋው የማይነቃነቀው ፍርግርግ ነው። አንድ ክፍል ከመክፈቻው ፊት ሲደርስ ብቻ መውጫ ያገኛል፤ የተቀሩት ሰባቱ በዚያ ሰዓት በብረት የታጠሩ ናቸው።

ሲሊንደሩ ክብደቱን የሚያሳርፈው በኩሽኔታ ላይ ነው። ጠባቂው ከፍርግርጉ ውጭ ቆሞ በእጁ መዘውር ያዞራል፤ መዘውሩ ትንሽ ማርሽ ያንቀሳቅሳል፤ ትንሹ ማርሽ ደግሞ ከሲሊንደሩ ጋር የተያያዘውን ትልቅ ማርሽ ይገፋል። በትንሹና በትልቁ ማርሽ መካከል ያለው የጥርስ ብዛት ልዩነት የአንድን ሰው ጉልበት ያባዛል። ዋጋው መዘግየት ነው፤ መዘውሩ ብዙ ዞሮ ሲሊንደሩ ጥቂት ይንቀሳቀሳል። ኩሽኔታውና ማርሹ ደህና ሲሆኑ አንድ ሰው ብቻውን ያዞረዋል።

አንድን እስረኛ ለማውጣት ምን ይደረግ ነበር?

ጠባቂው መጀመሪያ እስረኛው በየትኛው ክፍል እንዳለ ያረጋግጣል። ቀጥሎ ሁሉም እጅና እግራቸውን ወደ ውስጥ እንዲሰበስቡ ማስጠንቀቅ አለበት። ከዚያ መዘውሩን ያዞራል። ስምንት ክፍል ባለበት ፎቅ ከአንዱ ወደ ቀጣዩ ለመድረስ ሲሊንደሩ 45 ዲግሪ መዞር አለበት፤ አሥር ክፍል ባለበት 36 ዲግሪ። የክፍሉ አፍ ከመክፈቻው ጋር ልክ ሲገጥም ያቆማል፣ በሩን ይከፍታል፣ ሰውዬው ይወጣል፣ በሩ ይዘጋል።

ብዙ ሰው የሚዘነጋው ሁለቱ ፎቆች የአንድ ሲሊንደር አካል መሆናቸውን ነው። ከታች አንድ ሰው ለመጥራት ሲዞር ከላይ ያሉትም አብረው ይዞራሉ። ሌሊት ሰካራም ተይዞ ቢመጣ፣ ባዶውን ክፍል ወደ መክፈቻው ለማምጣት የተኙት እስረኞች ሁሉ ይዞራሉ።

በየክፍሉ ሽንት ቤት ነበር የሚባለው እውነት ነው?

አዎ፤ በእኛ አስተያየት የዚህ ንድፍ ምርጡ ክፍል ይህ ነው። በ1880ዎቹ በብዙ የካውንቲ እስር ቤቶች እስረኛ የሚጠቀመው ባልዲ ነበር። ባልዲ በቀን ቢያንስ አንድ ጊዜ በር ተከፍቶ መውጣት አለበት፤ ሽታውና በሽታውም አለ።

በሚዞር ነገር ላይ ቧንቧ መዘርጋት የማይቻል ይመስላል፤ ቧንቧው ይጠመዘዛል፣ ይሰበራል። መፍትሔው መሃሉ ላይ ነው። በሚሽከረከር ነገር ላይ ቦታውን የማይለቀው የመሃሉ መስመር ብቻ ነው። ክፍሎቹ ሁሉ ወደ መሃል እየጠበቡ ስለሚሄዱ፣ በእያንዳንዱ ክፍል ጠባብ ጫፍ ላይ መቀመጫ ተደርጎ ፍሳሹ ሁሉ ወደ አንድ የጋራ የመሃል ቱቦ ይወርዳል። ቱቦው ከሲሊንደሩ ጋር ቢዞርም ከቦታው ስለማይነቃነቅ ከታች ካለው ቋሚ ፍሳሽ ጋር እንደተገናኘ ይቆያል። ያው መሃል የተበላሸ አየር ወደ ላይ ማስወጫም ሆኖ ታስቧል። ለስምንት ክፍል ስምንት የቧንቧ መስመር በግድግዳ ውስጥ ከመዘርጋት ይህ እጅግ ይቀልላል።

ብርሃን ግን ተጎድቷል። መስኮቶቹ በውጭው ግድግዳ ላይ ናቸው፤ ብርሃኑ መተላለፊያውን አልፎ፣ ፍርግርጉን አልፎ ነው ወደ ክፍሉ የሚደርሰው። የክፍሉ ጠባብ ጫፍ በቀንም ቢሆን ጨለማ ነው።

እስረኞች ይጎዱ ነበር?

ይጎዱ ነበር፤ እነዚህ እስር ቤቶች መዞር እንዲያቆሙ ካደረጉት ዋና ምክንያቶች አንዱ ይህ ነው። አደጋው በንድፉ ውስጥ ነበር። የማይነቃነቅ ፍርግርግና የሚንቀሳቀስ ክፍል ጎን ለጎን አሉ፤ በመካከላቸው ጠባብ ክፍተት አለ። ክፍተቱ ከሌለ ሲሊንደሩ አይዞርም፤ ካለ ደግሞ እጅ ይገባበታል። በፍርግርጉ በኩል እጁን ያወጣ፣ ወይም ተኝቶ እግሩ ወደ ውጭ የተዘረጋ ሰው፣ ሲሊንደሩ ሲነሳ አካሉ በክፍሎቹ መከለያ ላሜራና በፍርግርጉ ብረት መካከል ይያዛል። ማርሹ የጠባቂውን ጉልበት ስለሚያባዛ መዘውሩን የያዘው ሰው የአጥንትን መቋቋም ላይሰማው ይችላል። በብዙ ቦታ እጅና እግር ተቀጥቅጧል።

ንድፉ የሸሪፉን ደህንነት በጥንቃቄ አስቦ የእስረኛውን እጅ አላሰበም። ይህን ሳይናገሩ ስለ ብልሃቱ ብቻ ማድነቅ ተገቢ አይመስለንም።

ለምን ይጣበቅ ነበር?

ምክንያቱ ከአንድ በላይ ነው። የመጀመሪያው መሠረቱ ነው። ሲሊንደሩ ቀጥ ብሎ መቆም አለበት። ወርዱና ቁመቱ እኩል የሆነ ሲሊንደር በአንድ ጎኑ 1 ሴንቲሜትር ብቻ ቢሰምጥ አናቱ ወደዚያው ጎን 1 ሴንቲሜትር ያህል ያዘነብላል። ለጡብ ቤት ይህ ምንም አይደለም፤ ስንጥቅ እንኳ ላይታይ ይችላል። ከቋሚ ፍርግርግ አጠገብ ለሚሽከረከር ብረት ግን በአንድ በኩል ክፍተቱን ይዘጋል፣ የማርሹን ጥርሶች ያዛባል፣ ክብደቱን በኩሽኔታው አንድ ጎን ላይ ይጭናል። ፎቁ በጨመረ ቁጥር ችግሩ ይብሳል።

ሁለተኛው የጭነቱ አቀማመጥ ነው፤ እስረኞቹ ወደ አንድ ጎን ባሉ ክፍሎች ከበዙ ሚዛኑ ይዛባል። በተጨማሪ ከሽንት ቤቱ የሚወርደው እርጥበት ከታች ያለውን ብረት ያዝገዋል። እስረኞችም ሆን ብለው አንድ ነገር ክፍተቱ ውስጥ በመክተት ሊያግዱት ይችላሉ፤ መዘውሩን የያዘው ሰው ደግሞ የታገደው የት እንደሆነ ከቆመበት አያይም።

እሳት ቢነሳስ?

ለመቆም ያበቃው ሌላው ትልቅ ጥያቄ ይህ ነው። ሒሳቡ አስፈሪ ነው። አሥር ክፍል ባለው ፎቅ አንዱን አዙሮ፣ ከፍቶ፣ ባዶ ለማድረግ አንድ ደቂቃ ብቻ ይፈጃል ብንል እንኳ የመጨረሻው እስረኛ አሥር ደቂቃ በጭስ ውስጥ ይጠብቃል። በየፎቁ በሩን የሚከፍት ሰው ከሌለ ጊዜው በፎቁ ብዛት ይባዛል። ይህም መዘውሩ ካልተጣበቀና የሚያዞረው ሰው እዚያው መቆየት ከቻለ ነው። በየክፍሉ በር ያለው ተራ እስር ቤት ብዙ ቁልፍ ያስከፍታል፤ ነገር ግን አንዱ ቁልፍ ቢበላሽ ሌሎቹ ይከፈታሉ። እዚህ አንዱ ነገር ሲበላሽ ሁሉም ይታሰራል።

ስንት ተሠሩ? ስንቶቹስ ቀሩ?

የተሠሩት ወደ 18 ገደማ እንደሆኑ ይነገራል። ሕንፃቸው የቀረው ሦስት ናቸው።

ከሦስቱ ትልቁ በአዮዋ ግዛት፣ በካውንስል ብላፍስ ከተማ የሚገኘው የፖታዋታሚ ካውንቲ እስር ቤት ነው። በ1885 ተሠራ፤ ወጪው ወደ 30,000 ዶላር ገደማ ነበር። በቅጽል ስሙ ስኩዊረል ኬጅ፣ ማለትም የሽኮኮ ማቆያ ፍርግርግ ሣጥን፣ ይባላል። ከሁሉም በሦስት ፎቅ የተሠራው እሱ ብቻ ነው፦ በእያንዳንዱ ፎቅ 10፣ በጠቅላላው 30 ክፍሎች። የሲሊንደሩ ክብደት 45 የአሜሪካ ቶን፣ ማለትም ወደ 41,000 ኪሎ ግራም ይገመታል። ከላይ ስለ መሠረት መዛባት የተባለውን ከዚህ ክብደት ጋር አያይዞ ማሰብ ነው። በ1960 አንድ እስረኛ በክፍሉ ውስጥ ሞቶ፣ ዘዴው በመጣበቁ አስከሬኑን ለማውጣት ሁለት ቀን ገደማ እንደፈጀ ይነገራል፤ ከዚያ በኋላ አልዞረም። ቤቱ በእስር ቤትነት እስከ 1969 ቆይቷል። በግድግዳው ላሜራ ላይ እስረኞች የጫሯቸው ስሞችና ቀኖች ዛሬም ይነበባሉ።

ሦስተኛው በሚዙሪ ግዛት በጋላቲን ከተማ ያለው የዴቪስ ካውንቲ እስር ቤት ነው፤ በ1889 የተጠናቀቀ፣ ውጭው ስምንት ማዕዘን የሆነ፣ አንድ ፎቅ 8 ክፍል ያለው ትንሽ ሕንፃ ነው። እስከ 1975 አገልግሏል።

አብዛኞቹ መዞር ሲያቆሙ አልፈረሱም። ሲሊንደሩ በብየዳ ወይም በሌላ መንገድ ባለበት እንዲቆም ተደርጎ፣ ለየክፍሉ በር ተቆርጦለት እንደ ተራ እስር ቤት ቀጠለ። በክሮፎርድስቪል ይህ የሆነው በ1930ዎቹ ነው።

ከዓለም በቃኝ ጋር ይመሳሰላል?

አዲስ አበባ የነበረውን ዓለም በቃኝን የሚያውቁ ሰዎች ክብነቱን ሲሰሙ ይህን ይጠይቃሉ። በመካከላቸው የታሪክ ግንኙነት የለም፤ አቀማመጣቸውም የተገላቢጦሽ ነው። ዓለም በቃኝ ባለ ሁለት ፎቅ ስምንት ማዕዘን ሆኖ ክፍሎቹ ዳር ዳሩን፣ ግቢው መሃል ነበር፤ መሃል የቆመ ሰው ዙሪያውን ያያል። በተሽከርካሪው እስር ቤት እስረኞቹ መሃል፣ ጠባቂው ዳር ነው። ስለዚህ ጠባቂው ከአንድ ቦታ ሁሉንም ማየት አይችልም፤ ወይ ዙሪያውን ይሄዳል፣ ወይ ሲሊንደሩን ያዞራል። ሌላው ልዩነት ዕጣቸው ነው። ዓለም በቃኝ ፈርሶ በቦታው በ2012 የተመረቀው የአፍሪካ ኅብረት ዋና መሥሪያ ቤት ተሠርቷል፤ ሊታይ የሚችል ግድግዳ የለውም።

ሌሎች አሮጌ የካውንቲ እስር ቤቶች ከተዘጉ በኋላ ምን ሆኑ?

በቦስተን በ1851 የተከፈተው የሰፎክ ካውንቲ እስር ቤት፣ የቻርልስ ጎዳና እስር ቤት የሚባለው፣ በ1990 ተዘግቶ በ2007 ሆቴል ሆኖ ተከፍቷል። ትልቁ የመሃል አዳራሽ ተጠብቋል፤ የእስረኞቹ ክፍሎች ግን አብዛኞቹ ጠፍተዋል። በፒትስበርግ ሄንሪ ሆብሰን ሪቻርድሰን የነደፈው የአሌጌኒ ካውንቲ እስር ቤት ከፍርድ ቤቱ ጋር በድንጋይ ድልድይ የተያያዘ ነው፤ ሁለቱም በ1880ዎቹ ተሠሩ። በ1995 እስረኞቹ ሲወጡ ሕንፃው ለቤተሰብ ጉዳይ ችሎት ተስተካክሏል። እነዚህ በግራናይት የተገነቡ ትላልቅ ሕንፃዎች ናቸው፤ አዲስ ሥራ ይችላሉ። ተሽከርካሪው እስር ቤት ግን ውስጡ ከወጣ የሚቀረው አንድ የጡብ ቤት ብቻ ነው። ስለዚህ ከሙዚየም ሌላ አገልግሎት ይገባዋል ብለን አናምንም።

ለመጎብኘት ብሄድ ምን ላይ ላተኩር?

ክሮፎርድስቪል ከኢንዲያናፖሊስ በስተሰሜን ምዕራብ 80 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ካውንስል ብላፍስ በነብራስካ ግዛት ካለችው ከኦማሃ ከተማ በሚዙሪ ወንዝ ማዶ ነው። ከመሄድ በፊት ደውሎ የመክፈቻ ሰዓቱን፣ በክሮፎርድስቪል ደግሞ የማዞር ማሳያ ይኖር እንደሆነ መጠየቅ ይሻላል።

ውስጥ ሲገቡ መጀመሪያ መክፈቻውን ይፈልጉና ከዚያ ተነስተው ፍርግርጉን አንድ ጊዜ ይዙሩት። በሩ አንድ ብቻ መሆኑ በዓይን ሲታይ ይገባል። በኋላ የተቆረጡ በሮች ካሉ ይለያሉ፦ የተቆረጠው ብረት ጫፍና የብየዳው መስመር ከፋብሪካ ከወጣው ሥራ ጋር አይመሳሰልም። ከዚያ በሲሊንደሩና በፍርግርጉ መካከል ያለውን ክፍተት ዝቅ ብለው ይመልከቱ፤ በሁሉም በኩል እኩል ካልሆነ ሲሊንደሩ ማዘንበሉን ያዩታል። ከታች ያለውን ማርሽ ማየት ከተፈቀደ ሳያዩት አይውጡ። በአሮጌ ብረት ላይ ያለ ቀለም እርሳስ ሊኖርበት ስለሚችል ልጆች የተላጠውን እንዳይነኩ፣ ከወጡም በኋላ እጃቸውን እንዲታጠቡ ያድርጉ።

ዛሬም የሚዞረው የትኛው ነው?

በ1930ዎቹ እንዲቆም ተደርጎ የነበረው፣ በኋላ ግን እንደገና እንዲዞር የተደረገው የክሮፎርድስቪሉ። እስከ 1970ዎቹ መጀመሪያ በእስር ቤትነት አገልግሎ በ1975 ሙዚየም ሆነ፤ በዚያው ዓመት በአሜሪካ ብሔራዊ የታሪካዊ ቦታዎች መዝገብ ውስጥ ገብቷል። እንዲህ ያለውን ማሽን መንከባከብ ከግድግዳ ጥበቃ የተለየ ሙያ ይጠይቃል። ለዓመታት ካልዞረ ግራሶው ይደርቃል፣ ኩሽኔታው ክብደቱን አንድ ቦታ ላይ እንደተሸከመ ይጎደጉዳል፣ ጥርሶቹ በዝገት ይያያዛሉ። ደጋግሞ ሲዞር ደግሞ ምትክ የሌለው የብረት ጥርስ ይበላል። ጥርስ ቢሰበር አዲሱ ከሱቅ አይገዛም፤ ተለክቶ፣ ቅርጽ ወጥቶለት፣ ለብቻው መቀለጥና መሠራት አለበት። ስለዚህ ማዞሪያው ጭነት ሳይበዛበት፣ በዝግታ፣ ከመዘውሩ ሌላ ክፍተቱን የሚከታተል ሁለተኛ ሰው ቆሞ ቢዞር ይመረጣል።